ከእጅ ወደ እጅ፣ ከፈቃድ ወደ ፈቃድ፦ የጦር መሣሪያ ባለቤትነት ዝውውር በአዳማና በስምጥ ሸለቆ ከተሞች

የጥያቄው ወሰን

በኢትዮጵያ ንብረት ከሰው ወደ ሰው የሚተላለፍባቸው መንገዶች የታወቁ ናቸው፤ ቤት በመዝገብ፣ መኪና በሊብሬ፣ በሬና ላም ደግሞ በገበያ መሐል በእማኝ ፊት ይተላለፋሉ። ጠመንጃና ሽጉጥ ለብዙ ዘመን በእነዚሁ መንገዶች ሁሉ፣ ማለትም በሽያጭ፣ በስጦታ፣ በጥሎሽ፣ በመያዣና በውርስ ሲተላለፉ ኖረው፣ ዛሬ ግን ከእነዚህ በአንዱም ብቻ ባለቤትነታቸው ሊዛወር የማይችል ልዩ የንብረት ዓይነት ሆነዋል። ይህ ዳሰሳ የሚመረምረው በሕግ የተገደበ የጦር መሣሪያ ከአንድ ባለይዞታ ወደ ሌላው በሕጋዊ መንገድ እንዴት ሊተላለፍ እንደሚችል፣ የሕጉ አካሄድ ከየት እንደመጣና በአዳማ፣ በሞጆ፣ በመተሐራ፣ በባቱና በሻሸመኔ ለሚኖረው ሕዝብ ምን ትርጉም እንዳለው ነው።

በቅድሚያ ሦስት ቃላትን መለየት ያስፈልጋል። «ይዞታ» መሣሪያው በማን እጅ እንዳለ የሚያመለክት ሲሆን፣ «ባለቤትነት» በመሣሪያው ዋጋና ዕጣ ፈንታ ላይ ያለውን የንብረት መብት ይገልጻል፤ «ፈቃድ» ደግሞ መንግሥት አንድን የታወቀ ሰው ከአንድ የታወቀ መሣሪያ ጋር የሚያስተሳስርበት የአስተዳደር ውሳኔ ነው። በአብዛኞቹ ሌሎች ተንቀሳቃሽ ንብረቶች ዘንድ ይዞታና ባለቤትነት ብቻቸውን ይበቃሉ፤ በጦር መሣሪያ ዘንድ ግን ሦስተኛው ከሌለ ሁለቱ ሕጋዊ ጥበቃ አይኖራቸውም። በጉዳዩ ላይ የሚነሳው ክርክር አብዛኛው የሚመነጨው ሦስቱን አንድ አድርጎ ከማየት ነው።

የታሪኩ መነሻ

በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ ወደ ሸዋ የገባው የጦር መሣሪያ አብዛኛው የመጣው ከታጁራና ከኦቦክ ጠረፍ ተነስቶ የአፋርን በረሃና የአዋሽን ሸለቆ አቋርጦ በሚያልፍ የግመል ቅፍለት ነበር። ፈረንሳዊው ባለቅኔ አርተር ራምቦ እ.ኤ.አ. በ1886 መጨረሻ ከታጁራ ተነስቶ ወደ 2,000 የሚጠጉ ጠመንጃዎችን ለንጉሥ ምኒልክ ለመሸጥ ያደረገው ጉዞ ለዚህ ዳሰሳ ልዩ ትርጉም አለው። ራምቦ ገና ከመነሳቱ በፊት እንግሊዝና ፈረንሳይ በጠረፉ የመሣሪያ ንግድን በመከልከላቸው ልዩ ፈቃድ ለመለመን ተገድዶ ነበር፤ የንግዱ ሸሪክ ላባቱ በመሞቱም የሟቹ ዕዳ በመሣሪያው ዋጋ ላይ መጥቶ፣ ምኒልክ ላባቱ አለበት ያሉትን ገንዘብ ከሂሳቡ ቀንሰው ከፈሉ፤ ሌሎች ዕዳ ጠያቂዎችም ራምቦን አላስቀመጡትም። የፈቃድ ጥያቄና የሟች ውርስ ጥያቄ በአንድ የጠመንጃ ጭነት ላይ እንዲህ ከተገናኙ ከ130 ዓመት በላይ ቢሆናቸውም፣ ዛሬ በአንድ የወረዳ ፖሊስ ጽሕፈት ቤት የሚነሱት ጥያቄዎች በመሠረቱ እነዚያው ናቸው።

የዓድዋ ድል በ1888 ዓ.ም. መሣሪያ ከነጻነት ጋር ያለውን ቁርኝት በሕዝቡ ልቡና አተመው። ውጅግራ፣ ምንሽርና ለበን የሚሉት ስሞች ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ የክብር ዕቃ መጠሪያ ሆኑ። በሌላ በኩል ኃያላኑ መንግሥታት ወደ ኢትዮጵያ የሚገባውን መሣሪያ ለመገደብ ተደጋጋሚ ስምምነት አድርገዋል፤ እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና ኢጣሊያ እ.ኤ.አ. በ1906 በዚሁ ጉዳይ ተዋዋሉ፣ ኢትዮጵያም እ.ኤ.አ. በ1923 የመንግሥታቱ ማኅበር አባል ስትሆን በመሣሪያ ንግድ ላይ የወጡ ዓለም አቀፍ ግዴታዎችን እንድትቀበል ተጠይቃለች፣ እ.ኤ.አ. በ1930 ደግሞ የመሣሪያ ግዥዋን የሚመለከት ስምምነት ከሦስቱ መንግሥታት ጋር ፈርማለች። እ.ኤ.አ. በ1935 ኢጣሊያ ለወረራ ስትዘጋጅ የመሣሪያ ሽያጭ ክልከላው በተግባር ይበልጥ የጎዳው የራሷ የመሣሪያ ፋብሪካ ያልነበራትን ኢትዮጵያን ነበር። በአምስቱ የወረራ ዓመታት አርበኛው የተዋጋው ከጠላት በማረከውና በቤቱ ባቆየው መሣሪያ በመሆኑ፣ «መሣሪያህን አስመዝግብ» የሚል ጥሪ በሰማ ቁጥር አንዳንዱ ሽማግሌ የሚያስታውሰው ይህንን ታሪክ ነው። የሕግ አስፈጻሚው ይህን ትዝታ በንቀት ካለፈው የሚያጣው የሕዝቡን እምነት ነው።

ከ1966 ዓ.ም. በኋላ ደርግ የባለርስቱን መሣሪያ እየሰበሰበ ለገበሬ ማኅበራትና ለቀበሌ ጠባቂዎች ሲያስታጥቅ፣ በ1983 ዓ.ም. ደርግ ሲወድቅ ደግሞ የተበተነው ሠራዊት መሣሪያ በየገበያው ፈሰሰ። በዚህ ምክንያት በስምጥ ሸለቆ ከተሞች ዙሪያ ዛሬ በሰው እጅ የሚገኘው ክላሽንኮቭ የመጀመሪያ ባለቤቱ ማን እንደነበረ በወረቀት ማስረዳት ብዙ ጊዜ አይቻልም። ይህ እውነታ ከዚህ በታች ለሚነሳው የሕግ ጥያቄ ሁሉ መሠረት ነው፤ የትውልድ ሰንሰለቱ የጠፋን ዕቃ ባለቤትነት ማዛወር፣ ሰንሰለቱ ካልጠፋው ዕቃ ይልቅ እጅግ የከበደ ነውና።

የሕጉ ማዕቀፍ

የኢትዮጵያ ፌዴራላዊ ዴሞክራሲያዊ ሪፐብሊክ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 51 ንዑስ አንቀጽ 20 የጦር መሣሪያ ስለመያዝ የሚወጣውን ሕግ የማውጣት ሥልጣን ለፌዴራል መንግሥት ሰጥቷል። ስለዚህ የኦሮሚያ ክልል በአፈጻጸሙ ሰፊ ድርሻ ቢኖረውም፣ መሣሪያ ማን ሊይዝ እንደሚችልና እንዴት እንደሚተላለፍ የሚወሰነው በፌዴራል ሕግ ነው። ለረጅም ጊዜ ግን ጉዳዩን ሙሉ በሙሉ የሚገዛ ዝርዝር አዋጅ ባለመኖሩ ዐቃቤ ሕግ በአብዛኛው ይመካ የነበረው በወንጀል ሕጉ ድንጋጌዎች ላይ ነበር፤ ከእነዚህም አንቀጽ 481 ሕገ ወጥ የመሣሪያ ዝውውርን፣ አንቀጽ 808 ደግሞ በደንብ መተላለፍ ደረጃ የሚታዩ የመሣሪያና የጥይት ጥፋቶችን ይመለከታሉ። የወንጀል ሕግ የተከለከለውን ይናገራል እንጂ የተፈቀደውን መንገድ አይጠርግም፤ በቅን ልቦና መሣሪያውን ለሌላ ሊያዛውር የፈለገ ሰው በየትኛው በር እንደሚገባ የሚያሳየው ሕግ አልነበረም።

ይህን ክፍተት ለመሙላት የወጣው የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ነው። አዋጁ በሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት የጸደቀው በየአካባቢው የተቀሰቀሱ ግጭቶችና የኮንትሮባንድ መሣሪያ፣ በተለይም በቱርክ የተሠሩ ሽጉጦች ዝውውር፣ ሕዝቡን ባሳሰቡበት ወቅት ነበር። አዋጁ የቁጥጥሩን ኃላፊነት ለፌዴራል ፖሊስ ሰጥቶ፣ ግለሰብ ሊይዝ የሚችለውን መሣሪያ ለመከላከያና ለጸጥታ ኃይሎች ብቻ ከተፈቀደው ለይቷል፤ ፈቃድ የሚጠይቅ ሰው በዕድሜ፣ በጤናና በጠባይ ማሟላት ያለበትን መስፈርት ደንግጓል፤ መሣሪያን የመታጠቅ ልማድ ባለባቸው አካባቢዎች የሚኖሩ ሰዎችንም ሁኔታ ከግምት አስገብቷል። ያለ ፈቃድ መሣሪያ የያዘ ሰው እስከ 3 ዓመት በሚደርስ እስራት፣ መሣሪያን በብዛት ይዞ የተገኘ ደግሞ ከ8 እስከ 20 ዓመት በሚደርስ ጽኑ እስራት ሊቀጣ ይችላል።

የአዋጁ ዋና ለውጥ ግን ከቅጣቱ ይልቅ በአስተሳሰቡ ላይ ይገኛል። ቀድሞ መሣሪያ በቅድሚያ ዕቃ ነበር፣ ፈቃዱም ከዕቃው ጋር የሚሄድ ወረቀት ይመስል ነበር። በአዋጁ መንፈስ ግን ፈቃዱ ለአንድ ሰው በግሉ የሚሰጥ በመሆኑ መሣሪያው እጅ ሲለውጥ አብሮ አይተላለፍም፤ ሰጪው ፈቃዱን መመለስ፣ ተቀባዩም በራሱ ስም አዲስ ፈቃድ ማግኘት አለበት። በመሆኑም ሕጋዊ ዝውውር ማለት መሣሪያው ከአንድ ባለፈቃድ ወጥቶ በተቆጣጣሪው መዝገብና ዕውቅና ካለፈ በኋላ ብቻ ለሌላ ባለፈቃድ የሚደርስበት ሂደት ነው። ተቆጣጣሪው የማያውቀው ሽያጭ፣ ስጦታ ወይም ውሰት ሁለቱንም ወገኖች በወንጀል ያስጠይቃል።

ከፍትሐ ብሔር ሕጉ ጋር ያለው ግንኙነት

የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ስለ ተንቀሳቃሽ ንብረት የደነገገው ከዚህ በእጅጉ የተለየ ነው። በአንቀጽ 1186 መሠረት የተንቀሳቃሽ ንብረት ባለቤትነት የሚተላለፈው ገዢው ወይም የኑዛዜ ስጦታ ተቀባዩ ዕቃውን ሲረከብ ሲሆን፣ በአንቀጽ 1193 መሠረት ዕቃውን በእጁ የያዘ ሰው ባለቤት እንደሆነ ይገመታል። ሆኖም አንቀጽ 1186 ራሱ ለልዩ ንብረቶች የተለዩ ድንጋጌዎች መኖራቸውን ስለሚቀበል፣ የጦር መሣሪያው አዋጅ ከዚህ ጠቅላላ ደንብ የወጣ ልዩ ሕግ ተደርጎ ይነበባል። ክላሽ ተረክቦ ቤቱ ያስገባ ሰው በመረከቡ ብቻ ባለመብት አይሆንም፤ እንዲያውም መረከቡ የተከሰሰበት ወንጀል ማስረጃ ሊሆን ይችላል።

ፈቃድ በሌላቸው ሰዎች መካከል የተደረገ የመሣሪያ ሽያጭ ውል በአንቀጽ 1716 መሠረት ዓላማው ሕገ ወጥ የሆነ ውል በመሆኑ ፈራሽ ነው። ገዢው ገንዘቡን ከፍሎ መሣሪያውን ባይረከብ «አስረክበኝ» ብሎ ፍርድ ቤት ሊቆም አይችልም፤ ሻጩም ቀሪ ክፍያ ቢያጣ ሕግ አይደርስለትም። በስምጥ ሸለቆ ከተሞች እንዲህ ባለ ስውር ሽያጭ የተጣሉ ሰዎች ጠባቸውን ወደ ሽማግሌ ወይም ወደ ኃይል የሚወስዱት አንዱ ምክንያት ይኸው ነው፤ ዳኛ የማያየው ውል ዳኛ የማይፈታው ጠብ ያመጣል።

ከዚህ ጋር ተያይዞ መጤን ያለበት የውክልና ጉዳይ ነው። በኢትዮጵያ ከተሞች መኪና የሚሸጥ ሰው ስመ ሀብቱን ወዲያውኑ ከማዛወር ይልቅ በሰነዶች ማረጋገጫ፣ በሕዝቡ አጠራር በ«ውልና ማስረጃ»፣ ለገዢው ሙሉ ውክልና ሰጥቶ መለያየቱ የተለመደ ነው። ይህ ልማድ በመኪና ላይ ሲደረግ የግብርና የኃላፊነት ችግር ቢያስከትልም ሊብሬው ቢያንስ ከመኪናው ጋር ይኖራል። በመሣሪያ ላይ ግን ውክልና ምንም አይሠራም፤ ወካዩ ለተወካዩ የሚሰጠው በራሱ ያለውን ንብረት የማስተዳደር ሥልጣን ብቻ ነው እንጂ መንግሥት በስሙ የሰጠውን የግል ፈቃድ አይደለም። በተወካይ እጅ የተገኘ መሣሪያ ፈቃድ እንደሌለው ይቆጠራል።

ውርስ፦ ጉዳዩ የሚከብድበት ስፍራ

የዝውውር ጥያቄ በእውነት የሚፈተነው በሽያጭ ሳይሆን በሞት ነው፤ ሻጭ ፈቃድ እስኪያወጣ ሊጠብቅ ይችላል፣ ሞት ግን ቀጠሮ አይሰጥም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 826 የሟች መብቶችና ግዴታዎች ለወራሾች እንደሚተላለፉ፣ ነገር ግን በሟቹ ሞት የሚቋረጡት እንደማይተላለፉ ይደነግጋል። በዚህ ሚዛን ሲታይ የመሣሪያው የገንዘብ ዋጋ የውርሱ አካል ሊሆን ቢችልም ፈቃዱ በሟቹ ሞት የሚቋረጥ የግል መብት ነው። ወራሹ በአንቀጽ 996 መሠረት ከፍርድ ቤት የወራሽነት ማስረጃ ቢያወጣም፣ ማስረጃው ወራሽነቱን ያረጋግጥለታል እንጂ ለአንድ ቀን እንኳ ጠመንጃ እንዲይዝ አይፈቅድለትም።

ጉዳዩን በምሳሌ ቀርቦ ማየት ይጠቅማል። በፈንታሌ ወይም በቦሰት አካባቢ የሚኖር አንድ አርሶ አደር ቢሞት፣ ቀብሩ ከተፈጸመና ሐዘንተኛው ከተበተነ በኋላ በግድግዳው ችካል ላይ በጨርቅ ተጠቅልሎ የተሰቀለው ጠመንጃ ለሚስቱ ይቀራል። መለያ ቁጥሩ ከቃታው በላይ በብረቱ ላይ ተቀርጿል፤ የሟቹ ፎቶግራፍ ያለበት ፈቃድ በፕላስቲክ ተጠቅልሎ ከሳጥን ግርጌ ተቀምጧል፤ ዝናሩ ውስጥ ደግሞ ባል ከመሞቱ በፊት የቆጠራቸው ጥይቶች አሉ። ታላቁ ልጅ በአዳማ ተቀጥሮ የሚኖር የከተማ ሰው ነው፤ ታናሹ ከብት ጠባቂ ቢሆንም ዕድሜው ለፈቃድ አልደረሰ ይሆናል። ሴትዮዋ ምንም ሳታደርግ በተቀመጠችበት ትናንት ሕጋዊ የነበረው መሣሪያ ዛሬ ፈቃድ የሌለው ሆኗል።

በሕጉ አካሄድ የሚመከረው ቤተሰቡ ሳይዘገይ መሣሪያውን፣ ጥይቱንና የሟቹን ፈቃድ ለአካባቢው ፖሊስ አስታውቆ በደረሰኝ ማስረከብ፣ ከወራሾቹም መስፈርቱን የሚያሟላ ካለ የወራሽነት ማስረጃውን ይዞ በራሱ ስም ፈቃድ መጠየቅ ነው። ደረሰኙ የመሣሪያውን ዓይነት፣ መለያ ቁጥርና የጥይት ብዛት በግልጽ የያዘ መሆን አለበት፤ ያለዚያ ቤተሰቡ ያስረከበውን መሣሪያ እንዳላስረከበ ሆኖ ወደፊት ሊጠየቅ ይችላል። ይህ መንገድ በወረቀት ላይ ቀላል ቢመስልም፣ ከመተሐራ ገጠር ወጥታ ወደ ፖሊስ ጣቢያ ጠመንጃ ተሸክማ የምትሄድ ባልቴት በመንገድ ላይ ብትያዝ ምን ብላ ታስረዳለች የሚለው ጥያቄ ሕግ አስፈጻሚውን ሊያስጨንቀው ይገባል።

የግል መሣሪያና የአደራ መሣሪያ

በአካባቢው ሁለተኛው የግራ መጋባት ምንጭ በግል መሣሪያና በመንግሥት መሣሪያ መካከል ያለው ልዩነት ነው። ሚሊሻ ሆኖ የተመደበ አርሶ አደር ከመንግሥት የተረከበው ጠመንጃ የመንግሥት ንብረት ስለሆነ ሊሸጠው፣ ሊያስይዘው ወይም ለልጁ ሊያወርሰው አይችልም፤ ሲሞት ወይም ከሥራው ሲለቅ ይመለሳል። በባቱና በቆቃ ዙሪያ ያሉ የአበባ እርሻዎች፣ ባንኮችና የጥበቃ ድርጅቶች ጠባቂዎቻቸውን የሚያስታጥቁበት መሣሪያም ፈቃዱ በድርጅቱ ስም ያለ ነው፤ ጠባቂው ሲለቅ መሣሪያው ከዘብ ቤቱ አይወጣም። ለብዙ ዓመታት አንድ ዓይነት ጠመንጃ በትከሻው ላይ ተንጠልጥሎ የኖረ ሰው የራሱ አድርጎ ቢያየው አያስገርምም፤ አደራና ሀብት ግን በሕግ ፊት የተለያዩ ናቸው፣ አደራን መሸጥም በመሣሪያ ዝውውር ጥፋት ላይ የእምነት ማጉደል ወንጀልን ሊጨምር ይችላል።

የስምጥ ሸለቆው ገጽታ

አዳማ ከአዲስ አበባ በፈጣን መንገድ ከአንድ ሰዓት ብዙም በማይርቅ ጉዞ የምትገኝ፣ የምሥራቅ ሸዋ ዞን መቀመጫና የጅቡቲው መንገድና የባቡር መሥመር የሚያልፉባት ከተማ ናት። ሞጆ የደረቅ ወደብ መናኸሪያ ስትሆን፣ ሻሸመኔ ደግሞ ወደ ሐዋሳ፣ ወደ ባሌና ወደ ወላይታ የሚሄዱ መንገዶች የሚለያዩባት ናት። የአገሪቱን ዕቃ የሚያመላልሰው ይህ መንገድ ሕገ ወጥ መሣሪያን ለማሾለክም የሚመች በመሆኑ፣ የመሣሪያ ዝውውር በእነዚህ ከተሞች ሲነሳ ብዙ ሰው የሚያስበው በጭነት መኪና የተደበቀ ኮንትሮባንድን ነው። ኮንትሮባንዱ አደገኛ መሆኑ አያጠያይቅም፤ ነገር ግን በፍተሻ ኬላ ላይ ብቻ የተተከለ ዓይን በየቤቱ ያለ ድምፅ የሚተላለፈውን መሣሪያ አያይም።

በመተሐራ ዙሪያ የከረዩ አርብቶ አደር ከብቱንና ሕይወቱን ለመጠበቅ መሣሪያ መታጠቁ ሥር የሰደደ ምክንያት አለው። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ የአዋሽ ብሔራዊ ፓርክና የመተሐራ ስኳር እርሻ የበጋ ግጦሹንና የወንዙን ዳር ሲወስዱበት፣ በቀረው መሬትና ውሃ ላይ ከአጎራባቾቹ ጋር ያለው ፉክክር በረታ፤ ጦር ይዞ የሚጠብቀው እረኛም በኋላ አውቶማቲክ ያዘ። በኦሮምኛ «ቀውዌ» የሚባለው ጠመንጃ ለእንዲህ ያለው ቤተሰብ ከላሞቹ ጋር የሚቆጠር ሀብት ነው፤ በችግር ቀን ይሸጣል፣ በጋብቻ ይሰጣል፣ ለወንድም ይዋሳል። በሕግ ቋንቋ እነዚህ ሁሉ ያልተፈቀዱ ዝውውሮች ሲሆኑ፣ በማኅበረሰቡ ቋንቋ ግን የዝምድናና የመተሳሰብ ግዴታዎች ናቸው። በዚህ ላይ የፌዴራል አዋጆች በነጋሪት ጋዜጣ የታተሙት በአማርኛና በእንግሊዝኛ መሆኑ ሲጨመር፣ ሕጉን የማወቅ ግዴታ የተጣለበት ሰው ሕጉን በአፍ መፍቻ ቋንቋው የሚያነብበት መንገድ ጠባብ ሆኖ ይታያል።

የምዝገባ ጥሪዎችም በአብዛኛው የሚመጡት በጭንቅ ጊዜ መሆኑ እምነትን ይቀንሳል። ጥቅምት 23 ቀን 2014 ዓ.ም. የአዲስ አበባ አስተዳደር ነዋሪዎች መሣሪያቸውን በሁለት ቀን ውስጥ እንዲያስመዘግቡ ያወጣው ጥሪ ከሰሜኑ ጦርነት ፍጥነት አንጻር ምክንያት ቢኖረውም፣ ምዝገባ ከአደጋ ጋር የተያያዘ እንጂ የሰላም ጊዜ አገልግሎት ያልሆነ ነገር ሆኖ በሕዝቡ አእምሮ እንዲቀረጽ አድርጓል። መሣሪያ የማዛወር ሥርዓት ሊጸና የሚችለው ግን በተረጋጋ ጊዜ፣ እንደ ልደት ምዝገባ ሁሉ ዘወትር ክፍት ሆኖ ሲገኝ ነው።

የሌሎች አገሮች ልምድ

በሌሎች አገሮችም መንግሥት በሰጪና በተቀባይ መካከል መቆሙ የተለመደ ነው። በካናዳ «የተገደበ» ተብሎ በሚመደብ መሣሪያ ዘንድ ተቀባዩ ተገቢው ፈቃድ እንዳለው ሲረጋገጥና መዝገቡ ዝውውሩን ሲያጸድቅ ብቻ ባለቤትነት ይለወጣል፤ እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2022 ጀምሮ ደግሞ በግለሰቦች መካከል የሽጉጥ ሽያጭና ዝውውር በአብዛኛው ታግዷል። በዩናይትድ ስቴትስ እ.ኤ.አ. የ1934ቱ ሕግ መትረየስንና መሰል መሣሪያዎችን ለማዛወር በቅድሚያ ከፌዴራል መንግሥት ማጽደቂያ እንዲገኝ ሲጠይቅ፣ ለብዙ አሥርት ዓመታትም 200 ዶላር ቀረጥ ያስከፍል ነበር። ኢትዮጵያ ያለችበት አካባቢም እ.ኤ.አ. በ2004 በናይሮቢ በተፈረመው የቀላል መሣሪያዎች ፕሮቶኮል አባል አገሮች መሣሪያን ምልክት እንዲያደርጉበት፣ እንዲመዘግቡና የሲቪል ይዞታን እንዲቆጣጠሩ ተስማምቷል። ልዩነቱ ያለው በመርሁ ላይ ሳይሆን ዜጋው ወደ መዝገቡ ለመድረስ በሚሄደው መንገድ ርዝመት ላይ ነው፤ ጥብቅ ሕግ ባለበት አገር የሚጠበቀው መዝገብ ለዜጋው የቀረበ መሆን ይኖርበታል።

ማጠቃለያ

ከላይ የተዘረዘረው ሁሉ ወደ አንድ ፍርድ ይመራል። አዋጅ ቁጥር 1177/2012 የጦር መሣሪያን ከዕቃ ገበያ አውጥቶ ወደ ፈቃድ ሥርዓት ማስገባቱ ትክክል ነው፤ ሰው የሚገድል ዕቃ እንደ ማረሻ ከእጅ ወደ እጅ እየዞረ ሰላም ሊኖር አይችልም። ነገር ግን የተከለከለው በር በሰፊው ተጽፎ የተፈቀደው በር በጠባቡ ከተከፈተ፣ ሕጉ የሚቀጣው ኮንትሮባንዲስቱን ብቻ ሳይሆን የሟች ባሏን ጠመንጃ ለማን እንደምትሰጥ ያላወቀችውን ባልቴትም ጭምር ነው፤ ኮንትሮባንዲስቱ መደበቂያ አያጣም፣ እርሷ ግን መደበቂያ የላትም።

ስለዚህ በየወረዳው ፖሊስ ጽሕፈት ቤት የሟች መሣሪያ መረከቢያ የታወቀ ክፍል እንዲኖር፣ ቤተሰብ በስልክ ሲያስታውቅ ፖሊስ ራሱ ወደ ቤቱ ሄዶ መሣሪያውን በደረሰኝ እንዲረከብ፣ ለመፍትሔ የሚሆን የእፎይታ ጊዜ በግልጽ እንዲነገር፣ ወራሽ ፈቃድ ካላገኘም የመሣሪያው ዋጋ ለቤተሰቡ የሚታሰብበት መንገድ እንዲታሰብ ያስፈልጋል። መመሪያውን በአፋን ኦሮሞ በቀላል አነጋገር አሳትሞ ለጃርሳ ቢያ፣ ማለትም ለአገር ሽማግሌዎች፣ ለአባ ገዳዎችና ለዕድሮች ማድረስም ከአንድ የፍተሻ ኬላ ያልተናነሰ ውጤት ይኖረዋል፤ በሐዘን ቤት መጀመሪያ የሚደርሰው ዕድሩ እንጂ ፖሊሱ አይደለምና። በፈንታሌ ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ያ ጠመንጃ ወደ ፖሊስ መዝገብ የሚገባበት መንገድ ወደ ጎረቤት እጅ ከሚገባበት መንገድ ሲያጥር፣ ያን ጊዜ ሕጉ በሥራ ላይ ዋለ ማለት ይቻላል።